ቦራን አደራ የሰጠሁበት ክረምት

ዘጠኝ ዓመት በሆነኝ ክረምት፣ በዳንግላ ከተማ ውስጥ የማውቃት አንዲት ሌባ ብቻ ነበረች፤ እሷም የአክስቴ ልጅ ትሕትና ናት። ትሕትና በዕድሜዋ የሰው መርፌ እንኳ አንስታ አታውቅም። ይህን አሁን አውቃለሁ። ያኔ ግን ክፉ ልጅ ነበርኩ፤ ክፉ ልጅ ላይ ደግሞ ፈረስ ሲጨመርበት ይብሳል።

ፈረሱ ቦራ ይባላል። የሚኖረው መዳፍ በምታህል ግራጫ የጌም ማሽን ውስጥ ነው። የአክስቴ ባል ጋሽ ስማቸው ዳንግላ ላይ ሬዲዮና ሞባይል ይጠግናል። አንድ ጊዜ ባሕር ዳር አሮጌ ዕቃ ሊገዛ ሄዶ፣ ሁለት አንድ ዓይነት ጌሞች ከነማገናኛ ገመዳቸው አገኘና አንዱን ለልጁ ለትሕትና፣ አንዱን እንጅባራ ላለሁት ለእኔ ሰጠን። ገመዱ ዳንግላ ቀረ። ጌሙ የፈረስ ነው። መጀመሪያ ውርንጭላ ይሰጥሻል፤ ታበይዋለሽ፣ ታጠጭዋለሽ፣ ትገሪዋለሽ፤ ከዚያ አገር ለአገር እየዞርሽ ትጋልቢያለሽ። የሰፈራችን ልጆች የመኪና ወይም የኳስ ቢሆን ይሻል ነበር ብለው ሊያስቀኑኝ ሞከሩ። እንጅባራ ተወልዶ፣ በየዓመቱ ጥር ላይ ፈረሰኛ ሲጋልብ እያየ ያደገ ልጅ ፈረስ አግኝቶ መኪና አይመኝም።

የአባቴ አጎት አያ ዋኘው የጥርባ መንደር ገበሬና የታወቁ ፈረሰኛ ናቸው። ማሽኗን ሳሳያቸው ከዓይናቸው ራቅ አድርገው ይዘው ለረጅም ጊዜ አዩና፣ «ጥርሱን አይተሽዋል?» አሉኝ። ጥርስ የሚታይበት ቁልፍ የለውም ስላቸው በጣም አዘኑልኝ።

ቦራ ያለችው እናቴ ናት፤ ግንባሩ ላይ ነጭ ስለነበረው። እናቴ ያለምወርቅ ከፋሲካ ወዲህ አልጋ ላይ ነበረች። ጨጓራ ነው ይባል ነበር። ጨጓራ አልነበረም፤ ግን ቤታችን የሚመጣ ሰው ሁሉ ተልባ እያዘዘ ስለሚሄድ እኔም ተልባ የሚያድነው ነገር መሰለኝ። ከሕመሟ ይልቅ ያስገረመኝ የቦራ ነገር ነው። ማታ ትቼው የተኛሁት ፈረስ ጠዋት ስከፍተው ገላው ሞልቶ፣ ጉልበቱ ጨምሮ፣ አዲስ ዝላይ ተምሮ አገኘዋለሁ። ማሽኗ ተዘግታም ፈረሱ የሚያድግ መሰለኝ። እንስሳ አይደል፣ ሲያድር ያድጋል ብዬ ለክፍል ጓደኞቼ ሁሉ አወራሁ። አባቴ እውነቱን የነገረኝ ትልቅ ሰው ከሆንኩ በኋላ ነው፤ ሕመሙ እንቅልፍ ሲነሳት እናቴ ከትራሴ ሥር እያወጣች ስታበላው፣ ስትገራው ነበር የምታነጋው።

ያን የመሰለ ፈረስ ይዤ ነው እንግዲህ ገደል የገባሁት። ሰኔ ላይ ትምህርት ሲዘጋ ቦራን ይዤ ከትልቁ ወንዝ ማዶ ተሻገርኩ። ከኋላዬ ድልድዩ ፈረሰ። ማዶ ላይ መኖ የለም፤ መመለሻም የለም። እኔ ብልጧ ደግሞ እዚያው ቆሜ መዘገብኩት። ማሽኗ የምትይዘው አንድ ጉዞ ብቻ ነው፤ የፊተኛውን መልሰሽ አታገኚውም። ከዚያ በኋላ በከፈትኩት ቁጥር ቦራ አንገቱን ደፍቶ ይቆማል፤ ቁልፉን ብጫን አይራመድም። መውጫው አንድ ነው፤ ሁሉንም አጥፍቶ ከአንድ መጀመር። ሁሉም ማለት ቦራም ጭምር ነው።

እናቴ አልጋ ጫፍ ላይ ተቀምጬ ስነፋረቅ እስከ መጨረሻው ሰማችኝ። ከዚያ፣ «ገመዱ ዳንግላ አለ አይደል?» አለች። «መጀመሪያ ቦራን ወደ ትሕትና ማሽን አሻግሪው። እሷ ጋ አደራ ይቀመጥ። ከዚያ ያንቺን አጥፊና ከአንድ ጀምሪ። ፈረስ መቀበያው የመጀመሪያው ጋጥ ጋ ስትደርሺ መልሰሽ ትወስጂዋለሽ።»

«እሷ እንቢ ብትልስ?»

«ትሕትና?» አለችና ሳቀች። መሳቅ ያማት ነበር፤ ሆዷን ይዛ ነው የሳቀችው።

በሳምንቱ አባቴ፣ «ዳንግላ ትሄጃለሽ፤ ልብስሽን አዘጋጂ» አለኝ። ለፈረሴ ሲባል ቤተሰቡ በሙሉ ጉዞ መነሳቱ አኮራኝ። ሚኒባስ ተኮናተርን። እናቴ ከኋላ ወንበር ላይ በትራስ ተደግፋ ተጋደመች። አዲስ ቅዳም ከተማ ላይ መንገድ ዳር የተደረደረው የከሰል ጆንያ ፕላስቲክ ለብሶ ዝናብ ይወርድበታል። አባቴ ሦስት ጊዜ ሾፌሩን አቁምልን አለው፤ ሦስቱንም ጊዜ እናቴን ደግፎ አወረዳት። እኔ ማሽኗን በብብቴ ይዤ፣ በዚህ አካሄድ መቼ ልንደርስ ነው ብዬ ተነጫነጭኩ። ይህን ስጽፍ እጄን ብቆርጠው ደስ ይለኛል።

ዳንግላ ስንደርስ እናቴ ከመኪናው አልወረደችም። አክስቴ እታለማሁ፣ ታናሽ እህቷ፣ በበሩ አንገቷን አስገብታ አቀፈቻት፤ ብዙ ቆዩ። «አደራ» ስትላት ሰማሁ። እናቴ የፈረሱን ነገር ይህን ያህል ከልቧ መያዟ አስደሰተኝ። ግንባሬን ስማ፣ «በርቺ፤ ቀስ ብለሽ ጀምሪ» አለችኝ። ከዚያ ሚኒባሱ ወደ ባሕር ዳር ቀጠለ። ከባሕር ዳር ደግሞ አዲስ አበባ ላኳት፤ ይህንን ግን ለእኔ የነገረኝ የለም።

ቦራን ያሻገርነው በዚያው ቀን ከሰዓት በኋላ ነው። ጋሽ ስማቸው አዲስ የባትሪ ድንጋይ በሁለቱም ማሽኖች ውስጥ ጨመረና አስጠነቀቀን። «መሀል ላይ ከተቋረጠ እዚያም የለም፣ እዚህም የለም። ሲያልፍ እንዳትተነፍሱ።» የገመዱ አንድ ጫፍ ላልቶ ስለነበር በአውራ ጣቱ ደግፎ ያዘው። ቁልፉን ተጫንኩ። በስክሪኑ ላይ አንዲት ቀጭን መስመር ከግራ ወደ ቀኝ መሞላት ጀመረች። ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድባል። መስመሯ ግማሽ ላይ ስትደርስ ቆመች። ቦራ ከእኔ ማሽን ወጥቷል፤ ትሕትና ማሽን ላይ አልደረሰም። ጋሽ ስማቸው «እንዳትነኩት» አለ በጥርሱ መሀል። እኔ ትንፋሼን ይዤ እስከ ሠላሳ ቆጠርኩ። ከዚያ መስመሯ ተንቀሳቀሰች፤ ሞላች፤ ነጭ ግንባሩ ትሕትና እጅ ላይ ብቅ አለ። እኔ ጋ ባዶ ጋጥ ቀረ።

ወዲያው ተጠራጠርኩ። «ማይ» አልኳት።

«አልምልም» አለች። አሥራ ሦስት ዓመቷ ነበር፤ ረጅምና ዝግተኛ። «ቃላችሁ አዎን ከሆነ አዎን ይሁን ነው የሚለው።»

ሁላችንም ጴንጤዎች ነን፤ ጥቅሱን ሰንበት ትምህርት ላይ በቃላችን ብለነዋል። እንደ ተጻፈው የምትኖረው ግን እሷ ብቻ ነበረች። ስኳር ከቃመች ሳትጠየቅ ለእናቷ ትናገራለች። እንግዳ መጥቶ «እናትሽ አለች?» ካላት፣ አክስቴ ጓዳ ሆና በእጇ ብትማጸናትም «አለች» ትላለች። ሰፈሩ በዚህ ይስቅባት ነበር።

«ታዲያ በምን ልመንሽ?»

«እጠብቀዋለሁ። ስትመጪ እሰጥሻለሁ» አለች።

ዓይኔን ጨፍኜ የእኔን አጠፋሁና ከአንድ ጀመርኩ።

ማክሰኞ እናቴ ደወለች። ድምፅዋ ከሩቅ፣ ከቀጭን ቀዳዳ የሚመጣ ይመስላል። «ኔትወርኩ ነው» አለ ጋሽ ስማቸው። ኔትወርኩ ደህና ነበር። ቦራ ትሕትና ጋ መሆኑን ነገርኳት። «እሷ ጋ ከሆነ አይጠፋም» አለች። አዲሷ ውርንጭላ እንደማትረባ፣ ጋጡ ጋ ለመድረስ ሁለት ኮረብታ እንደቀረኝ ነገርኳት። «ስትወስጂው ንገሪኝ» አለችኝ።

ሐሙስ ጠዋት የትሕትና ማሽን መክፈቻ አልንቀሳቀስ አለ። ጋሽ ስማቸው ላየው ብሎ ወደ ሱቁ ወሰደው። እኔ ጮህኩ፤ ፈረሴ በውስጡ እያለ እንዴት ትፈቺዋለህ ብዬ አንቺና አንተ እስኪምታታብኝ ድረስ ጮህኩ። ውስጡን እንደማይነካ ነገረኝ። አላመንኩትም።

ሐሙስ ማታ የአክስቴ ስልክ ጮኸ፤ ይዛው ዝናቡ ውስጥ ወጣች። ተመልሳ ስትገባ ነጠላዋ ከራሷ ተጣብቋል፤ ቀጥታ ጓዳ ገባችና በሩን ዘጋች። ዓርብ ጠዋት ዓይኗ አብጧል። ምን ሆንሽ ስላት «ጉንፋን» አለችኝ። ሬዲዮው አልተከፈተም። ጎረቤቶች አንድ ሁለት እያሉ ይመጣሉ፤ እኔን ሲያዩ ዝም ይላሉ፤ አንዷ ሴትዮ ራሴን ዳሰሰችኝና ምንም ሳትል ወጣች። ጋሽ ስማቸው ሱቁን በቀን ዘጋ። ትሕትና ከጠዋት ጀምሮ ከእኔ ዓይን ትሸሻለች።

እኩለ ቀን ላይ ጋጡ ጋ ደረስኩ። «ማሽንሽን አምጪ፤ ቦራን እወስዳለሁ» አልኳት።

«ነገ ይሁን» አለች።

«ነገ ለምን?»

ዞራ ወደ ጓዳው በር አየች። ወደ ጓዳው ተጠግቼ ጆሮዬን በሩ ላይ አደረግሁ።

«እንዴት ብለን ነው የምንነግራት?» ትላለች አክስቴ።

«እኛ አንነግራትም» አለ ጋሽ ስማቸው። «አያ ዋኘው ከሽማግሌዎች ጋር ነገ ጎሕ ሲቀድ ይደርሳሉ። እስከዚያ ማንም እንዳይተነፍስ። ትሕትናንም አስጠንቅቂያት፤ እሷ መደበቅ አትችልም።»

አንድ ትልቅ ሰው ይህን ቢሰማ ወዲያው ይገባዋል። በእኛ አገር እንዲህ ያለ ወሬ በመንገድ አይነገርም፤ በስልክም አይነገርም። ሽማግሌ ተሰብስቦ፣ ማለዳ፣ በወግ ይነገራል። እኔ ግን መርዶ የሚባል ነገር አላውቅም። የማውቀው አንድ ነገር ነው፤ ማሽኑ ትናንት ተፈታ፣ ዛሬ ሰው ሁሉ እኔን እያየ ዝም ይላል። ቦራ ጠፍቷል። በፈረስ ነገር ስለሆነ ደግሞ ፈረሰኛውን አያ ዋኘውን አስጠርተዋል። ነገሩ ሁሉ ልክ መጣልኝ።

ትሕትናን ኮሪደሩ ላይ አንገቷን ያዝኳት። «አጠፋችሁት አይደል?»

«ፈረስሽ አልጠፋም» አለች።

«ታዲያ ምንድን ነው የምትደብቁኝ?»

ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች።

«በይ ተናገሪ! አንቺ አትዋሺም አይደል? አደራ በላ!»

አፏን ከፈተች። ምናልባት አንድ ጊዜ ብጨምር ኖሮ ያመልጣት ነበር። እሷ ግን እጄን ከአንገቷ ላይ አላቀቀችና፣ ጃንጥላ እንኳ ሳትይዝ በዝናቡ ወደ ሱቁ ሮጠች። ስትመለስ ከራስ እስከ እግሯ ረጥባለች፤ ማሽኑን በላስቲክ ጠቅልላ በደረቷ ይዛዋለች። መክፈቻው ተሠርቷል፤ ብሎኑ ግን ገና ስላልታሰረ በፕላስተር ተጠምጥሟል። ከፈተችው። ቦራ አለ። ነጭ ግንባሩን አነሳና ጆሮውን ነቀነቀ።

ገመዱን ሰካን። ጋሽ ስማቸው ወጣ ብሎ ስለነበር የላላውን ጫፍ የሚደግፍ አልነበረም፤ ትሕትና በአውራ ጣቷ ያዘችው። መስመሯ መሞላት ጀመረች። የትሕትና እጅ ግን ይንቀጠቀጣል፤ በተንቀጠቀጠ ቁጥር መስመሯ ትቆማለች።

«አትንቀጥቀጪ!» አልኳት።

«እሺ።»

«እያጠፋሽው ነው!»

በሌላ እጇ የራሷን አንጓ ጭምቅ አድርጋ ያዘች። እንባዋ ጉልበቷ ላይ ይንጠባጠባል። ፈረሱን መመለስ ስለከበዳት የምታለቅስ መሰለኝ። «ስግብግብ» አልኳት፣ ዓይኔን ከመስመሯ ላይ ሳላነሳ። ጫፉን አልለቀቀችም። መስመሯ ሦስት ጊዜ ቆመች፣ ሦስት ጊዜ ተነሳች፣ ሞላች። ቦራ በእኔ ጋጥ ገባ። ድልድዩ አልፈረሰም፣ ጉዞው አዲስ ነው፣ ፈረሱ ግን ያው የድሮው ነው፤ ከነጉልበቱ፣ ከነዝላዩ።

ጨፈርኩ። አልጋ ላይ ወጥቼ ዘለልኩ፤ ረጥባ የቆመችውን ትሕትናን አንገቷን አቅፌ ሳምኳት። ያን ምሽት በዚያ ቤት ውስጥ የሳቅኩት እኔ ብቻ ነበርኩ። ስንተኛ ማሽኗን በደረቴ ላይ አድርጌ፣ «ነገ እማዬ ስትደውል ቦራን እንደወሰድኩት እነግራታለሁ፣ አይደል?» አልኳት።

ትሕትና ብርድ ልብሱን እስከ አንገቴ ሳበችልኝ። «አዎ» አለች።

በደስታ እንቅልፍ ወሰደኝ።

ሲነጋጋ የብዙ ሰው እግር ሰማሁ። ሳሎን ስወጣ አያ ዋኘው ካፖርታቸውን እንደለበሱ አግዳሚው ላይ ተቀምጠዋል፤ አጠገባቸው ሁለት የቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌዎች አሉ። ጎረቤቶች በግድግዳው ዙሪያ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ቆመዋል። ይህ ሁሉ ሰው ለእኔ ፈረስ በዝናብ መምጣቱ አሳዘነኝ፤ እኔም ላጽናናቸው ፈለግሁ።

«ርሆቦት፣ ልጄ፣ ነይ እስቲ እዚህ» አሉኝ አያ ዋኘው።

«አያ፣ አይዘኑ» አልኳቸው። «ፈረሱ አልጠፋም። ትናንት አግኝተነዋል።» ማሽኗን ዘርግቼ አሳየኋቸው። «ይኸው ይዩት።»

ከዚያ አክስቴ ከኋላዬ ጩኸቷን ለቀቀችው። ከሽማግሌዎቹ አንዱ ለአያ ዋኘው በአገውኛ አንድ ነገር አላቸው፤ እሳቸውም በአገውኛ መለሱለት። የከተማ ልጅ ነኝ፣ አልገባኝም። አያ ዋኘው ማሽኗን ከእጄ ወስደው በጥንቃቄ አግዳሚው ላይ አስቀመጡና ሁለቱን እጆቼን ያዙ።

«ፈረሱስ እንኳን ተገኘ» አሉ። «የሞተችው እናትሽ ናት፣ ልጄ።»

አላለቀስኩም። ዞሬ ትሕትናን ፈለግኋት። በር ላይ ቆማለች። «አዎ ብለሽኛል!» ብዬ ተወርውሬ ፊቷን ቧጨርኩት። እጇን እንኳ አላነሳችም። ሰዎች ናቸው ያላቀቁን።

እናቴን በዚያው ቀን እንጅባራ ቀበርናት። ከዚያ በኋላ ለዓመታት ትሕትናን በስሟ ጠርቼያት አላውቅም። አባቴን ይቅር አልኩት፣ አክስቴን ይቅር አልኳት፤ እነሱ ዝም ነው ያሉት። እሷ ግን ዋሽታኛለች፤ ለሰው ሁሉ እውነት ተናግራ እኔን ብቻ ዋሽታኛለች። አንዲት ቃል ናት፤ ግን ነገሩን ሁሉ ጠቅልዬ የማስቀምጥበት ሌላ ቦታ አልነበረኝም፤ በእሷ ላይ አስቀመጥኩት። በበዓል ስንገናኝ ጉንጯን እስማለሁ፣ እወጣለሁ። እሷም አንድ ቀን ልታስረዳኝ አልሞከረችም።

አምና አገባች። ሚዜ ሁኚኝ ብላ ራሷ ደወለችልኝ። እንቢ ለማለት ምክንያት ሳስብ «እሺ» አልኩና ራሴን አስገረምኩት። የሠርጉ ዋዜማ ባሕር ዳር ፀጉር ቤት ጎን ለጎን የፀጉር ማድረቂያ ካስክ ውስጥ ተቀመጥን። የካስኩ ጩኸት ጆሮ ያደነቁራል፤ ማንም አይሰማንም። ምናልባት ለዚያ ይሆናል አፌ የተፈታው።

«ያን ቀን ማታ ለምን አዎ አልሽኝ?»

የትኛውን ቀን ብላ አልጠየቀችም። ካስኩን ከራሷ ላይ ገፋ አደረገችው፤ ፊቷ በሙቀቱ ቀልቷል።

«ሁላችን ሐሙስ አጥተናት ነበር» አለች። «አንቺ ጋ ግን ገና በሕይወት ነበረች። ትደውላለች ብለሽ ትጠብቂያታለሽ፣ ትስቂያለሽ። እንዴት አድርጌ ልግደልብሽ?»

እኔም ካስኬን ገፋ አደረግሁት። ከዚያ ይቅርታ ልጠይቃት ፈልጌ፣ ልማዴ ነውና እንደገና መርማሪ ሆንኩባት። «በዚያ ውሸት ንስሐ ገባሽ?»

«ሌላ ኃጢአቴን ሁሉ ተናዝዣለሁ» አለች። «በዚያች ግን እስከ ዛሬ አልገባሁም።»